ደረቅ ላይ በቆመች መርከብ የተሰበረ እግር

በሰፈራችን «ካፒቴን» ነበር የምባለው። ካፒቴን ሆኜ አላውቅም። ሥራዬ ሞተር ክፍል ውስጥ ነበር፤ ብየዳ፣ ቧንቧ መቀየር፣ ፓምፕ መፍታትና መግጠም። ግን አቃቂ ላይ ሰው ወይ ፋብሪካ ይሠራል፣ ወይ ጋራዥ፣ ወይ ከባድ መኪና ላይ ነው። ባሕር በሌለው አገር መርከበኛ መሆኔ ለጎረቤት ሁሉ መሳቂያ ነበር። «ካፒቴን፣ መርከቧን የት አቆምካት? ወንዙ ዳር ነው?» ይሉኛል። «ፓርኪንግ አጥቼ ነው» እላለሁ። ስሜ ግዛቸው ነው። ያን ጊዜ ከእናቴ ጋር የምኖር፣ ያላገባሁ፣ በጤናዬና በጉልበቴ የምኮራ ሰው ነበርኩ።

ጨዋታው የቆመው በክራንች የተመለስኩ ቀን ነው።

የምነግራችሁ ነገር ሐሙስ ከሰዓት ጀምሮ አርብ ምሳ ሰዓት ላይ ያለቀ ነው። ግን ከየት እንደመጣ ሳልነግራችሁ ብጀምር አይገባችሁም።

መርከባችን የጭነት መርከብ ነበረች፤ አሮጊት። ባለቤቶቿ ለትልቅ እድሳት ሩቅ አገር ወደብ ላይ አስገቧት። ቦታውን ድራይ ዶክ ይሉታል፤ ትልቅ ገንዳ በሉት። መርከቧ ከገባች በኋላ ውሃው ተመጥጦ ይወጣና እስከ ሆዷ ተራቁታ በወፍራም ግንዶች ላይ ትቀመጣለች። ሞተሩ ተፈታ። ከኋላ የሚገፋት ፕሮፔለር ወረደ። የጎኗ ብረት እየተቆረጠ ተነሣ። ያን ሁሉ የሚሠሩት የወደቡ የጥገና ድርጅት ሰዎች ናቸው። እኛ የመርከቧ ሠራተኞች ግን አልወረድንም። እዚያው እንተኛለን፣ እዚያው እንበላለን፤ እነሱ ብረት በእሳት ሲቆርጡ ቃጠሎ እንዳይነሣ ተራ ገብተን እንጠብቃለን።

የዚያን ቀን ተረኛ እኔ አልነበርኩም፤ ለማ ነበር። ለማ የገላን ሰው ነው። ከአንድ አካባቢ የወጣን፣ እዚያ መርከብ ላይ በአማርኛ የምናወራ ሁለታችን ብቻ ነበርን። ጠዋት ትኩሳት ይዞት ሲንቀጠቀጥ አየሁትና «አንተ ተኛ፣ እኔ እገባልሃለሁ» አልኩት። አብረን ካፒቴኑ ዘንድ ሄደን አስፈቀድን። ካፒቴኑ ለማን ገና ሲያየው ራሱን በእሺታ ነቀነቀ፤ በዚሁ አለቀ።

ወደ ጭነት ክፍሉ ወረድኩ። ትናንት የረገጥኩትን የእንጨት መረማመጃ የጥገና ሠራተኞቹ አንሥተውት ነበር። የነገረኝ የለም፤ መብራቱም ደካማ ነው። እግሬ ባዶ ረገጠ። ከዚያ በኋላ የማስታውሰው የለማን ድምፅ ነው። ጩኸቴን ሰምቶ ከነትኩሳቱ ወርዶ፣ አዝሎ ያወጣኝ እሱ ነው።

እዚያ አገር ብረት አስገብተው፣ ሰፍተው፣ ወደ አገሬ ላኩኝ። ቁስሉ ግን አልደርቅ አለ። አዲስ አበባ ያየኝ ሐኪም ራጁን መስኮቱ ላይ ለጥፎ ብዙ ካየ በኋላ፣ «ኢንፌክሽኑ አጥንት ውስጥ ገብቷል። ከባድ ቀዶ ሕክምና ያስፈልግሃል። ከዘገየህ ከጉልበት በታች መቁረጥ ሊመጣ ይችላል» አለኝ። ያን የሚችል አቅም እኛ ቤት አልነበረም። በቀጥታ የቀጠረኝ ኤጀንሲ ዘንድ ሄድኩ። ሥራ አስኪያጁ በሰላም ተቀበለኝ፤ ሻይም አዘዘልኝ።

«ግዛቸው» አለኝ፣ «መርከበኛ ሥራ ላይ ከተጎዳ እስኪድን የሚያሳክመው መርከቡ ነው። እሱ የታወቀ ነው። አንተ ግን የተጎዳኸው መርከብ ላይ አይደለም።»

«የት ላይ ነው ታዲያ?»

«ጥገና ላይ። ሞተር የሌለው፣ ውሃ ላይ ያልሆነ ነገር መርከብ አይባልም። ያን ጊዜ አንተ ለጥገናው ድርጅት የተዋስክ የቀን ሠራተኛ ነህ። እነሱን ነው መጠየቅ ያለብህ።»

እነሱ ባሕር ማዶ ናቸው። ስማቸውን እንኳ በቅጡ አላውቀውም። ሻዩን ሳልጨርስ ወጣሁ።

ነፃ የሕግ ድጋፍ የምትሰጥ አንዲት ጠበቃ አገኘሁ፤ ምሕረት ትባላለች። ነገሩን ሁሉ ከሰማች በኋላ እንዲህ አለችኝ፦ «እግርዎ መሰበሩን አልካዱም። የካዱት እርስዎን ነው። ሲወድቁ መርከበኛ ነበሩ ወይስ አልነበሩም፤ ሙግቱ እሱ ነው። የመርከቧ ካፒቴን ያዝዝዎት እንደነበር የሚመሰክር ሰው አለ?»

ያለው ለማ ብቻ ነው። ካፒቴኑ የት እንዳለ እንጃ። ለማ ግን እንደኔው ወደ አገሩ ተመልሶ ገላን ኮንዶሚኒየም ሚስቱ ዘንድ ነበር፤ ሌላ መርከብ ይጠብቃል። ኤጀንሲውን ከሰስን፤ ለለማም መጥሪያ ተላከለት። በቀጠሮው ቀን አልመጣም። ዳኛዋ ለአርብ ቀጠሩንና «ከዚህ በኋላ ምስክር አልጠብቅም» አሉ።

«ፖሊስ ይዞ እንዲያመጣው መጠየቅ እችላለሁ» አለችኝ ምሕረት ስንወጣ። «ግን በፖሊስ ተይዞ የመጣ ሰው ምን እንደሚል አይታወቅም። ጓደኛዎ ከሆነ ሄደው ያነጋግሩት። ና ይበሉት፤ እንዲህ በል ግን እንዳይሉት። አደራ።»

ሐሙስ ከሰዓት ባጃጅ ይዤ ገላን ሄድኩ።

የለማ ቤት አራተኛ ፎቅ ነው። ኮንዶሚኒየም ውስጥ የኖረ ሰው አራተኛ ፎቅ ማለት ምን እንደሆነ ያውቃል። አሳንሰር የለም። ክራንቹን በአንድ እጄ ይዤ፣ በሌላው የደረጃውን ብረት እየጨበጥኩ፣ ደኅናውን እግሬን አስቀድሜ በሽተኛውን እየጎተትኩ ወጣሁ። አንዲት ሴትዮ ከነጀሪካኗ ቆማ አሳለፈችኝና «ማንን ፈልገህ ነው ወንድሜ? ልጥራልህ?» አለችኝ። እንቢ አልኩ። አስጠርቼው ባይመጣስ? ሦስተኛው ፎቅ ላይ ፋሻው ውስጥ ሙቅ ነገር ሲወርድ ተሰማኝ። ቆምኩ፤ ትንፋሼን ሰብሰብ አደረግሁና ቀጠልኩ።

በሩን የከፈተችው ሚስቱ ሐዊ ናት። አራስ ልጅ ታቅፋለች። ስታየኝ ፊቷ ተለዋወጠ።

«የለም» አለች ሳልጠይቃት።

ጫማው በሩ ሥር ነበር። እሷም ማየቴን አየች። ከዚያ ወደ ውስጥ ገብታ የፕላስቲክ ወንበርና አንድ ብርጭቆ ውሃ ይዛ መጣችና በረንዳው ላይ፣ ከበሩ ውጪ አስቀመጠችልኝ።

«ተቀመጥ። ደም እየፈሰሰህ ነው።»

«ደኅና ነው፤ ይቆማል።»

«ግዛቸው፣ እኔ ክፉ ሰው አይደለሁም» አለች ልጁን እያወዛወዘች። «ግን ይሄ ሰው ያለ ሥራ ስንት ጊዜ ተቀመጠ? አሁን ገና ያ ኤጀንሲያችሁ ጠራው። ሰኞ ይሄዳል። ነገ ጠዋት ደግሞ ሥልጠና አለ ብለውታል፤ ካልተገኘ ይቀራል። ነገ! ፍርድ ቤቱ ያለበት ቀን መሆኑን የማያውቁ ይመስልሃል? ያውቃሉ። እግርህ በመሰበሩ አዝናለሁ፤ እግዚአብሔር ያውቃል። ግን እኔ አልሰበርኩትም፤ ለማም አልሰበረውም። ለምንድነው እኛ የምንከፍለው?»

ያን ጊዜ አንድ ነገር ገባኝ፤ ለማ ስለ ተራው አልነገራትም። ያን ቀን እዚያ ጭነት ክፍል መውረድ የነበረበት ባሏ መሆኑን አታውቅም። በአንድ ዓረፍተ ነገር ላሳውቃት እችል ነበር። ከንፈሬ ላይ ደርሶ ነበር። ግን የሱ ነገር ነው፤ ከሱ አፍ ካልወጣ ከኔ ቢወጣ እዳ እንደማስቆጠር ሆነብኝ። ውሃውን ጠጣሁ።

«ሐዊ፣ ተይው» አለ ለማ ከውስጥ። ወጣ። ከስቷል። ዓይን ለዓይን አልተያየንም።

«መጥሪያው ደርሶኛል» አለ።

«እሱን ለመጠየቅ አይደለም የመጣሁት። ነገ የመጨረሻው ቀን ነው፤ እሱን ልነግርህ ነው። እንዲህ በል አልልህም፤ ጠበቃዋም ከልክላኛለች።»

«አስፈራርተውኝ ቢሆን ይሻለኝ ነበር፣ ግዛቸው። ምንም አላሉኝም። ትከሻዬን መታ መታ አድርገው ‹ሰኞ ትሄዳለህ› አሉኝ። በቃ።» ወደ ልጁ አየ። «አትጠይቀኝ። እባክህ አትጠይቀኝ።»

«አልጠየቅኩህም።»

ልነሣ ስል ክራንቹ ተንሸራተተ። ለማ ያዘኝ። ደረጃውን ቁልቁል አየ፤ ፋሻዬን አየ፤ ከዚያ ጀርባውን ሰጥቶኝ አጎነበሰ። እንቢ ልል ነበር፤ ግን መውረድ ከመውጣት ይብሳል። አዘለኝ። ፎቅ በፎቅ ስንወርድ ላቡ ሸሚዙን አልፎ ደረቴ ላይ ይሰማኝ ነበር። ታች ባጃጅ ጠርቶ አስቀመጠኝና እግሬን በሁለት እጁ ይዞ ቀስ አድርጎ አስገባልኝ። «እሺ» አለ። ምን ማለቱ እንደሆነ አልገባኝም። ባጃጁ ሲነሣ ዘወር ብሎ ወደ ደረጃው ገባ።

ለእናቴ «አይመጣም» አልኳት። እናቴ ዕድሜዋን ሙሉ ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ የሠራች፣ ብዙ የማታወራ ሴት ናት። «ከመጣም ከቀረም አትርገመው። ልጅ አለው» አለችኝና ፋሻዬን ለመቀየር ውሃ ልታሞቅ ተነሣች።

አርብ ጠዋት የቃሊቲ መንገድ በከባድ መኪና ተዘግቶ ነበር። እኔ በልቤ እንዲከፈት አልፈለግሁም። ችሎቱ ስንደርስ ለማ የለም። ምሕረት በሩን አየች፣ እኔን አየች።

የኤጀንሲው ጠበቃ ተነሥቶ ተናገረ። ጥሩ ተናጋሪ ነው፤ እኔ ራሴ ሳላምነው አልቀረሁም። «ክብርት ዳኛ፣ መርከብ ማለት በውሃ ላይ ሰውና ዕቃ የሚያጓጉዝ ነው። ይህች ግን ሞተሯ የወጣ፣ ፕሮፔለሯ የወረደ፣ ጎኗ የተቆረጠ፣ ውሃ የማይነካት ብረት ነበረች። ለወራት የትም አትሄድም። መርከብ በሌለበት መርከበኛ ከየት ይመጣል? ከሳሹ የተጎዱት በግንባታ ቦታ ላይ እንዳለ ማንኛውም ሠራተኛ ነው። የሚያሳዝን ነው፤ ኃላፊነቱ ግን የኛ አይደለም።»

ምሕረት መለሰች። «ክብርት ዳኛ፣ ሠራተኛው ሲቀጠር መርከበኛ ነበር። ማንም ጠርቶ ‹ከዛሬ ጀምሮ መርከበኛ አይደለህም› አላለውም። የተቋረጠ ውል የለም። የመርከቧ ካፒቴን አዛዡ ነበር። ጥያቄው መርከቧ ትሄድ ነበር ወይ አይደለም፤ ይህ ሰው የማን ትእዛዝ ይፈጽም ነበር ነው።»

«ይህን የሚያስረዳ ምስክር አለዎት?» አሉ ዳኛዋ።

«ይመጣል ብለን እየጠበቅን ነው።»

ዳኛዋ መነጽራቸውን አወለቁ። «ሌላ መዝገብ አይቼ እመለሳለሁ። ያኔ ካልመጣ ያለውን ይዤ እወስናለሁ።»

ኮሪደሩ ላይ አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀመጥን። የኤጀንሲው ሥራ አስኪያጅ ከፊት ለፊታችን ቆሞ ስልኩን ይነካካል፤ አንዴ ቀና ብሎ አንገቱን ዝቅ አድርጎ ሰላም አለኝ። እኔም መለስኩለት። የገረመኝ መናደድ አለመቻሌ ነው። እግሬን ነበር የማስበው፤ በአንድ እግር ብየዳ ይሠራ ይሆን፣ መሰላል ይወጣ ይሆን እያልኩ። ስማችን ተጠራ።

ገብተን ቆምን። ዳኛዋ አፋቸውን ሊከፍቱ ሲሉ በሩ ተከፈተ። ለማ ነው። ሸሚዙ በላብ ተጣብቋል። ከኋላው ሐዊ ልጇን ታቅፋ ገብታ ግድግዳው ሥር ቆመች። ሥራ አስኪያጁ ስልኩን ኪሱ ከተተ።

ለማ ማለና ቆመ። ምሕረት ጠየቀችው።

«መርከቧ ጥገና ላይ እያለች የት ነበር የምትኖሩት?»

«እላይዋ ላይ።»

«ወደ ከተማ መውጣት ስትፈልጉ ማንን ታስፈቅዱ ነበር?»

«ካፒቴኑን።»

የኤጀንሲው ጠበቃ ተራውን ወሰደ። «አቶ ለማ፣ አዎ ወይም አይደለም ብለው ይመልሱልኝ። ሞተሩ ተፈትቶ ነበር?»

«አዎ።»

«ውሃ ላይ ነበረች?»

«አይደለችም። ግንድ ላይ ነበረች።»

«መሄድ ትችል ነበር?»

«አትችልም።»

«አደጋው በደረሰበት ሰዓት እዚያ ጭነት ክፍል ውስጥ ይሠሩ የነበሩት እነማን ናቸው?»

«የጥገናው ድርጅት ሰዎች።»

«ስለዚህ ከሳሹ ከነሱ ጋር፣ የነሱን ሥራ ይሠራ ነበር።»

ለማ አልመለሰም። ጠበቃው «አመሰግናለሁ» ብሎ ሊቀመጥ ሲል ዳኛዋ እጃቸውን አነሡ።

«ምስክሩ፣ ለመጨረሻው መልስ አልሰጡም። ያን ቀን ከሳሹ እዚያ ክፍል ለምን ወረደ?»

ለማ ወደ ኋላ ዞሮ ሚስቱን አየ። ከዚያ ወደ ዳኛዋ ተመለሰ።

«በእኔ ተራ ነው የወረደው» አለ። «የእሳት ጥበቃ ተራ ነበረን፤ የመርከቧ ሠራተኞች ብቻ የምንገባበት ነው። ያን ቀን ተረኛው እኔ ነኝ። አሞኝ ነበር። እሱ ‹እኔ እገባልሃለሁ› አለኝ። በራሳችን መለዋወጥ አንችልም፤ ካፒቴኑ ዘንድ ሄደን አስፈቀድን። እሱ ፈቀደ። የጥገናው ሰዎች እኛን አያዙንም፤ አዝዘውንም አያውቁም። ግዛቸው የወደቀው ካፒቴኑ ፈቅዶለት፣ በኔ ቦታ ቆሞ ነው። የምወድቀው እኔ ነበርኩ።»

ሕፃኑ ትንሽ አለቀሰ። ዘወር ብዬ ሐዊን አየሁ፤ የምትደነግጥ መስሎኝ ነበር። አልደነገጠችም። ልጇን እያባበለች ወለሉን ታያለች።

ስንወጣ ለማን ላቅፈው ፈለግሁ። «ሥልጠናው ላይ ልድረስ፣ ምናልባት» ብሎ እየሮጠ ሄደ። አልደረሰም። ሰኞ ሊሄድባት የነበረችው መርከብ ሌላ ሰው ይዛ ሄደች።

ፍርዱ በሌላ ቀጠሮ ተነበበ። ዳኛዋ ያሉት ባጭሩ ይህ ነው፤ መርከቧ ለጊዜው መጓዝ አለመቻሏ ሠራተኛውን ከመርከበኛነት አያወጣውም፤ ውሉ ሳይቋረጥ፣ በመርከቧ አዛዥ ሥር ሆኖ፣ የመርከቧን ሠራተኞች ተራ ሲሸፍን ነው የተጎዳው፤ ስለዚህ ኤጀንሲው ያሳክመው። ይግባኝ እንላለን ብለው ነበር፤ በኋላ ተዉት። ቀዶ ሕክምናው ተሠራልኝ። እግሬ አለ። ቁርጭምጭሚቴ አይታጠፍም፣ ትንሽም አጥሯል፤ ግን አለ። አሁን ቃሊቲ አንድ ወርክሾፕ ውስጥ ተቀምጬ ብየዳ እሠራለሁ።

ሆስፒታል ተኝቼ ሳለሁ አንድ ከሰዓት ሐዊ ብቻዋን መጣች። ሾርባ ይዛ ነበር። አልጋዬ አጠገብ ተቀምጣ ሾርባውን ቀዳችልኝ።

«ያን ዕለት አንተ ከሄድክ በኋላ ስለ ተራው ነገረኝ» አለች። «ጠዋት ሥልጠናው ሊሄድ ጫማውን ሲያስር እኔ ነኝ ‹ፍርድ ቤት ሂድ› ያልኩት። እኔ ነኝ ይዤው የመጣሁት። ደስ ብሎኝ ግን አይደለም።»

«አውቃለሁ።»

«አታውቅም። አንተን ባየሁ ቁጥር ሁለት ነገር አብሮ ይመጣብኛል፤ ባሌ በሕይወት መኖሩና ባሌ ሥራ ማጣቱ። ሁለቱን አንድ ላይ መሸከም አልችልም። ስትድን ቤታችን ቶሎ እንዳትመጣ። እኔ እስክጠራህ ጠብቅ።»

እሺ አልኳት። ሾርባውን አስጨርሳኝ ሄደች።

ኤጀንሲው ከዚያ በኋላ ለለማ አልደወለለትም። የከለከለው የለም፤ የነገረውም የለም፤ ዝም ብቻ። አሁን ቂሊንጦ አንድ ፋብሪካ ጥገና ክፍል ውስጥ በፈረቃ ይሠራል። አንዳንዴ ከሰርቪስ ሲወርድ እንገናኝና አብረን ማኪያቶ እንጠጣለን። ስለ ኳስ እናወራለን፣ ስለ ቤት ኪራይ እናወራለን። ስለ ባሕር አናወራም። አንድ ቀን ብቻ «ተጸጽተህ ታውቃለህ?» አልኩት። «ደመወዝ ስቀበል» አለና ሳቀ፤ ከዚያ ሳቁን አቆመ።

አንባቢዎቼ፣ ይህን የጻፍኩት ድል አደረግሁ ለማለት አይደለም። እኔ የዳንኩት ሌላ ሰው እንጀራውን ስለከፈለልኝ ነው፤ ያን ደግሞ ማንም ዳኛ አይመልስለትም። ከዚያ በፊት እውነት የተናገረ ሰው ቀለል ብሎት ወደ ቤቱ የሚሄድ ይመስለኝ ነበር። አሁን ግን ምስክር ሲጠራ የቀረ ሰው ሳይ ቶሎ አልፈርድበትም፤ ቤቱ አራስ ልጅ ይኖር ይሆናል እላለሁ።

በየአገሩ ለሥራ የምትሄዱ፣ ልጆቻችሁን የምትልኩ ደግሞ አንድ ነገር ስሙኝ። ሥራው ሲሄድ ማን እንደሆናችሁ ሁሉም ይነግራችኋል። ሥራው ሲቆም፣ ማሽኑ ሲፈታ፣ መርከቡ ደረቅ ላይ ሲወጣ ማን እንደምትሆኑ ከአገር ሳትወጡ ጠይቁ። እኔ አልጠየቅኩም ነበር።

እናቴ በየበዓሉ «ለነለማ አትሄድም እንዴ?» ትለኛለች። ለልጁ ልብስ ገዝቼ በለማ እጅ እልካለሁ። ደርሶታል ይለኛል። ሐዊ እስካሁን አልጠራችኝም። እኔም ሳልጠራ አልሄድም።